ካባ አይሆንም!

ትናንት ማታ ከእህቴ ልጅ ጋር «ዘ ኢንክሬዲብልስ»ን አየን። እኔ ስንተኛዬ እንደሆነ እንጃ። ለእሱ የመጀመሪያው ነው። የአያቱን ነጠላ አንገቱ ላይ ቋጥሮ ሶፋው ላይ ወጣ።

ፊልሙ የወጣው እ.ኤ.አ. በ2004 ነው። ሌሎቹ የሱፐርሂሮ ፊልሞች ከተማ ሲፈርስ ያሳዩናል። ይሄኛው ሰውየው ቦርጭ ሲያወጣ ያሳየናል። የሚበር ባቡር ገትሮ ያቆም የነበረው ቦብ፣ ያተረፋቸው ሰዎች ራሳቸው ከሰሱት። ጀግንነት በሕግ ታገደ። አሁን ኢንሹራንስ ቢሮ ውስጥ፣ ትከሻውን እንኳን በማትበቃ ክፍል ተቀምጧል።

አንዲት አሮጊት ካሳ ተከልክላ ፊቱ ተቀምጣለች። «ልረዳዎት ፈልጌ ነበር፣ ግን አልችልም» ይላታል። ቀጥሎ የውልዎን ቅጂ ይዘው ሦስተኛ ፎቅ እገሊት ጋ ይሂዱ ልልዎት ፈልጌ ነበር፣ ግን አልችልም ይላል። አሮጊቷ ገባት። እስክሪብቶ አንስታ መጻፍ ጀመረች። ሲወጡ ያዘኑ ይምሰሉ ብሎ ሹክ ይላታል። ከባቡሩ ይልቅ ይቺን ነው የምወዳት።

ከዚያ ኤድና መጣች፣ ያቺ ድንክዬ ልብስ ሰፊ። ድምፅዋ የዳይሬክተሩ የብራድ በርድ ነው፤ ሁሌም ይገርመኛል። «ካባ አይሆንም!» ትላለች። ካባቸው በአውሮፕላን ሞተር ተስቦ፣ በሊፍት ተይዞ ያለቁትን ጀግኖች አንድ በአንድ ትጠራለች። ልጁ ከት ብሎ ሳቀ። ትንሽ ቆይቶ፣ ቀስ ብሎ ነጠላውን ፈታው።

እንዲህ ያሉ ፊልሞች በጀግና ያፌዛሉ ሲባል አልስማማም። ሰው ነው የሚያደርጉት። እ.ኤ.አ. በ2017 የወጣው ሌጎ ባትማን ከተማውን አድኖ፣ ተጨብጭቦለት፣ ባዶ ቤቱ ይገባል። እራቱን ማይክሮዌቭ ውስጥ ይከትና ጭንብሉን ሳያወልቅ ቆሞ ይጠብቃል። ሳህኑ ይዞራል። የሚያናግረው የለም። ልጆች እዚህ ጋ ይስቃሉ፤ እኔ ሆዴ ይባባል። በስሙ የተሠራው ካርቱን ፊልም ላይ ያለው ክፉው ሜጋማይንድም እንደዚያው ነው፤ ጀግናውን አሸንፎ ከተማውን ከያዘ በኋላ የሚፋለመው ሰው ናፈቀው።

ልጁን ሳስተኛው «አጎቴ፣ ባቡር ያቆምኩት እኔ ነኝ ለምን አላላትም?» አለኝ። የቷን እንደሆነ ሳልጠይቀው ገባኝ። ዛሬ ጠዋት ቁርሱን ሳይጨርስ «ያቺን ሴትዮ መልስልኝ» አለ።