«ከፍቶ አይቶት ነው ንጹሕ ያለው?»

የኢሜይል ሰርቨሩ ዴቢያን ከተባለው የሊኑክስ ሥርዓት ቁጥር 11 ወደ 12 ከተሻገረ ጥቂት ሳምንታት አልፈዋል። አንድ ቀን ጠዋት ከሒሳብ ክፍል ስልክ ተደወለ። በራር (እንደ ዚፕ ያለ የፋይል ማሸጊያ) የታሸገ የዋጋ ማቅረቢያ በኢሜይል መጥቶ፣ ሠራተኛዋ ስትፈታው የኮምፒውተሯ ጸረ ቫይረስ ጮኸና ፋይሉን ያዘው። ጉዳት አልደረሰም። የደብዳቤው ራስጌ ላይ ግን የራሳችን ሰርቨር «ኤክስ ቫይረስ ስታተስ፦ ክሊን»፣ ማለትም ከቫይረስ ንጹሕ ነው፣ ብሎ ጽፎበታል።

ወጣቱ ቴክኒሻን ወርዶ አስረዳቸው። «እትዬ፣ ሰርቨሩ ደህና ነው። ጸረ ቫይረሱ ክላምዲ እየሠራ ነው፣ የቫይረስ መለያው ሲግኔቸርም የዛሬ ነው፣ በኤልዲዲ ትእዛዝ አይቼዋለሁ፤ የጎደለ ላይብረሪ (ፕሮግራሙ የሚጠራው አጋዥ ኮድ) የለም።»

«እሱን አልጠየቅሁህም የኔ ልጅ» አሉት። «ከፍቶ አይቶት ነው ንጹሕ ያለው ወይስ ሳይከፍት?»

መልስ አልነበረውም። ከእሳቸው በፊት ይህን ጥያቄ የጠየቀ ባለሙያም አልነበረም። ሰርቨሩ ሲሻገር የተሞላው ዝርዝር ላይ «ክላምዲ ተነስቷል»፣ «ሲግኔቸር ታድሷል»፣ «ደብዳቤ ያልፋል» የሚሉ ምልክቶች ሁሉ ነበሩ፤ «የታሸገ ፋይል ይፈታል» የሚል ግን አንድም ቦታ የለም።

ክላምኤቪ በተባለው ጸረ ቫይረስ ውስጥ ዋናውን ሥራ የሚሠራው ከጀርባ የሚሮጠው ክላምዲ ራሱ ሳይሆን ሊብክላምኤቪ የተባለው ላይብረሪ ነው። ዚፑን፣ ፒዲኤፉን፣ የኦፊስ ሰነዱን የሚፈታው እሱ ነው። ራርን ግን ብቻውን አይፈታም። የራር መፍቻው ኮድ ፈቃድ፣ ኮዱን ተጠቅሞ የራርን የማመቂያ ስልት መልሶ መሥራትን ይከለክላል። በዚህ ምክንያት ዴቢያን እንደ ነፃ ሶፍትዌር ስለማይቆጥረው ሊብክላምአንራር በሚል ለብቻው ተነጥሎ ነን-ፍሪ በሚባለው ክፍል ይቀመጣል።

ጥፋቱ የተጀመረው እዚህ ላይ ነው። በ2023 የወጣው ዴቢያን 12 ፈርምዌሮችን (የሃርድዌር ክፍሎች ላይ የሚጫኑ ፕሮግራሞችን) ነን-ፍሪ-ፈርምዌር ወደሚባል አዲስ ክፍል ለይቷቸዋል። የፓኬጅ (የሚጫን የሶፍትዌር ጥቅል) ምንጮችን ዝርዝር ያደሰው ሰው አዲሱን ስም ጻፈ፤ አሮጌው ነን-ፍሪ የተተካ መስሎት አወጣው። አልተተካም፣ ሁለቱም አሉ። በዴቢያን 11 ላይ ሊብክላምኤቪ ቁጥሩ 9 ነበር፤ በ12 ላይ 11 ሆነ። ቁጥር 9ኙ የራር መፍቻ ከአሮጌዎቹ ፓኬጆች ጋር ተጠርጎ ወጣ። 11ኛው ደግሞ ምንጩ ከዝርዝሩ ስለተፋቀ አልገባም። የፓኬጅ መጫኛው አፕት አንድም ስህተት አላሳየም፤ ክላምዲ ያለ ራር መፍቻ መነሳት ይችላልና እንደ ግዴታ አይጠይቀውም።

ኤልዲዲ ለምን አላየውም? ኤልዲዲ የሚያሳየው ፕሮግራሙ ሲገነባ «ያለ እነዚህ አልነሳም» ብሎ የመዘገባቸውን ላይብረሪዎች ነው። የራር መፍቻው እዚያ መዝገብ ውስጥ የለም። ሊብክላምኤቪ ሥራ ሲጀምር ዲኤልኦፕን በተባለው ጥሪ በስሙ ይፈልገዋል፤ ካገኘው ይጭነዋል፣ ካጣው ትቶት ያልፋል። ከዚያ በኋላ የሚመጣውን ራር እንደ አንድ ድፍን ፋይል ከላይ ከላይ ያየዋል፤ ውስጡን ስለማያይ ያገኘው የለም፣ ስላላገኘም «ክሊን» ይላል። የክላምኤቪ መፈተሻ ትእዛዝ ክላምስካን በዲበግ (ሂደቱን በዝርዝር በሚያሳይ ሁነታ) ሲሄድ «አንራር ሰፖርት አንአቬይለብል» (የራር መፍቻ የለም) የሚለው መስመር ወጣ፤ በዲበግ የሚወጡ መስመሮች ብዙ ናቸውና ስሙን ይዞ ለማይፈልግ ሰው ከዓይን ያመልጣል።

የማያሻማው ማረጋገጫ በኤይካር የተሠራው ሙከራ ነበር። ኤይካር ጉዳት የሌለው ባለ 68 ባይት የመሞከሪያ ፋይል ነው፤ ጸረ ቫይረሶች እንደ ቫይረስ እንዲይዙት ስምምነት አለ። አንዱ ቅጂ በዚፕ፣ ሌላው ያለ የይለፍ ቃል በራር ታሸገና ሁለቱም ፋይልን ለክላምዲ ለሚያቀብለው ትእዛዝ፣ ለክላምዲስካን ተሰጡ። ክላምዲ የሚሠራው በራሱ ተጠቃሚ ስም ስለሆነ የተከፈተውን ፋይል የሚያስተላልፍለት ኤፍዲፓስ የሚለው አማራጭ መጨመር አለበት፤ አለበለዚያ በፈቃድ እጦት ፋይሉን ማንበብ ላይችል ይችላል፣ ውጤቱም ከሌላ ችግር ጋር ይምታታል። ዚፑ «ፋውንድ» (ተገኘ)፣ ራሩ «ኦኬ» (ምንም የለም)። አንድ ዓይነት 68 ባይት፣ ሁለት ፍርድ።

ከባልደረቦቻችን አንዱ 9ኙን ፋይል ከባክአፕ አውጥተን በ11 ስም ሲምሊንክ (ወደ ሌላ ፋይል የሚመራ ስም) እንሥራለት አለ። ይህ በብዙ ቦታ የሚሠራ ነገር ነው፤ መሠራት ግን የለበትም። ቁጥሩ የሚቀየረው በላይብረሪውና በሚጠራው ፕሮግራም መካከል ያለው ውል ሲቀየር ነው። በውሸት ስም የተጫነ ላይብረሪ በተሻለው ቀን አልነሳም ይላል፤ በከፋው ቀን ተነስቶ፣ የተሳሳተ ሜሞሪ እየነካ፣ ደብዳቤ መሃል ይወድቃል።

ትክክለኛው ጥገና አጭር ነበር። ነን-ፍሪ ወደ ዝርዝሩ ተመለሰ፣ አፕት ታደሰ፣ ሊብክላምአንራር ተጫነ። ሙከራው ሲደገም ግን ራሩ አሁንም «ኦኬ» አለ። መፍቻው የሚፈለገው ክላምዲ ሲነሳ አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ ሪሎድ የሚባለው ትእዛዝ ሲግኔቸሩን ያድሳል እንጂ ላይብረሪ አይጭንም። ስለዚህ ሂደቱን አቁሞ ማስነሳት ግድ ሆነ። ሲግኔቸሩን ሁሉ እንደገና እስኪጭን የሚመጡ ደብዳቤዎች ይዘገያሉ፤ ደብዳቤውን ለክላምዲ የሚያቀብለው ሚልተር ስካነሩን ሲያጣ በነባሪው ቅንብር «ቆይተህ ላክ» ብሎ ይመልሳቸዋል እንጂ አይጥላቸውም። ከተነሳ በኋላ ሂደቱ የጫናቸውን ፋይሎች በሚዘረዝረው፣ በፕሮክ ሥር ባለው ማፕስ ፋይል ውስጥ አንራር የሚል ስም ታየ፣ ራሩም «ፋውንድ» አለ።

አሁን ክሮን (ሥራን በተቀጠረለት ሰዓት የሚያስነሳ ፕሮግራም) በዚፕ፣ በራር፣ በሰቨንዚፕና በታር ታሽጎ የተቀመጠውን ኤይካር በየሌሊቱ ያስፈትሻል። ክላምዲስካን ቫይረስ ሲያገኝ 1፣ ሳያገኝ 0፣ ስህተት ሲገጥመው 2 ይመልሳል። እዚህ ከ1 ሌላ የመጣ ሁሉ ማንቂያ ይልካል፤ 0 እንኳ።

ለሒሳብ ሠራተኛዋ የተሰጠው መልስ «እትዬ፣ ሳይከፍት ነበር፤ አሁን ይከፍታል» የሚል ነበር። ወዲያው «የይለፍ ቃል ያለበትንስ?» አሉ። እሱን አይከፍትም፤ ከውጭ ካልታወቀ በስተቀር አሁንም «ክሊን» ይለዋል። በይለፍ ቃል የተቆለፈውን እንደ አደጋ የሚያስይዘውን፣ አለርት ኢንክሪፕትድ አርካይቭ የሚባለውን ቅንብር መክፈት ይቻላል፤ ግን የተቆለፈ ሰነድ የሚልኩ ትክክለኛ ደንበኞቻቸውንም አብሮ ያስቆማል። እሳቸው ይከፈት አሉ። የሽያጭ ክፍሉ አይከፈት ብሏል። እስኪወሰን ድረስ የሒሳብ ክፍሉ የተቆለፈ አባሪ ሲመጣለት ላኪው ዘንድ በስልክ ደውሎ ሳያረጋግጥ አይፈታም።