ማነህ? ፓስወርድህስ?

አዲስ ፕሮጀክት ላይ መደቡኝ። «ክሎን አስጀምርና ቡናህን ጠጥተህ ና፣ እስክትመለስ ያልቃል» አለኝ ቲም ሊደሩ። ክሎን ማለት ኮዱን ከኢንተርኔት ማከማቻው ወደ ራስህ ኮምፒውተር መገልበጥ ነው። ጠጥቼ መጣሁ። ተርሚናሉ፣ ትእዛዝ የምጽፍበት መስኮት፣ ዩዘርኔም ጠይቆ ቁጭ ብሏል።

ለካ ፕሮጀክቱ አንድ ሪፖ (የኮድ ማከማቻ) አይደለም። ውስጡ ሰብሞጁል የሚባል ሌላ ሪፖ አለ፤ ሰብሞጁሉም የራሱን ሰብሞጁል አርግዟል። ሁሉም ፕራይቬት፣ አድራሻቸውም እንደ ድረ ገጽ በኤችቲቲፒኤስ የተጻፈ። በየመስኮቱ መታወቂያ እንደሚጠይቅ መሥሪያ ቤት ሁሉም «ማነህ?» ይላል።

ፓስወርድ ብሰጠውም አይገባውም። ሪፖዎቹ የተቀመጡበት ጊትሃብ እ.ኤ.አ. ከነሐሴ 2021 ጀምሮ በተርሚናል በፓስወርድ ፈንታ የሚቀበለው ቶከን ነው። ቶከን ደግሞ በቃል የማይያዝ ረጅም ዝባዝንኬ ነው። ፔስት ስታደርገው ስክሪኑ ላይ ምንም አይታይም። ገባ? አልገባ? እግዜር ይወቅ።

አጠገቤ ያለው ልጅ አዘነልኝ። «ክሬደንሻል ካሽ ክፈትለት፣ መግቢያህን ያስታውስልሃል።» ከፈትኩለት። ካሹ ካልነገሩት በቀር የሚያስታውሰው ለ15 ደቂቃ ነው። በእኛ ኢንተርኔት 15 ደቂቃ አንዷን ሪፖ እንኳን አታስጨርስም።

«እንግዲያው ባንዴ ይውረዱ» ብሎ ትእዛዙ ላይ ጄ 8 (ስምንት ስምንት እያደረግክ አውርድ ማለት ነው) ጨመረልኝ። ይኼኔ ቲም ሊደሩ ከደንበኞቹ ጋር ኦንላይን ስብሰባ ላይ ነበር። «እስቲ ስክሪንህን ሼር አድርግ፣ ሥራ መጀመራችንን ይዩ» አለኝ። አደረግኩ።

ሪፖዎቹ እኩል ተነሱ፣ እኩልም ጠየቁ። አንዱ ዩዘርኔም ሲል ሌላው በላዩ ላይ ፓስወርድ ይላል። ለየትኛው እንደምመልስ ግራ ሲገባኝ ቶከኑን ለቀቅኩት። ዩዘርኔም ላይ አረፈ። ዩዘርኔም ደግሞ እንደ ፓስወርድ አይደበቅም፤ ወለል ብሎ ይታያል።

«ውይ፣ ስምህ ረጅም ነው» አለች ከደንበኞቹ አንዷ።

ቶከኑን እዚያው ሰረዝኩት። ከዚያ ያለ ፓስወርድ የሚያስገባ ኤስኤስኤች ቁልፍ አወጣሁና የጊት (የማውረጃው ፕሮግራም) ኮንፊግ ላይ «ኢንስቴድ ኦፍ» የምትባለዋን መስመር ጨመርኩ። የኤችቲቲፒኤስ አድራሻ ባየህ ቁጥር በኤስኤስኤች ሂድ ማለት ነው። የፕሮጀክቱን ፋይል ሳልነካ ሁሉም ጸጥ ብሎ ወረደ። ይህችን መስመር ማንም ቀድሞ አለመንገሩ ግን ግፍ ነው።

ሁሉም ስል፣ አንዱ ቀርቷል። ከሁሉም ሥር የተቀበረው ሰብሞጁል ያለው ሌላ ሰርቨር ላይ ነው። መግቢያውን የሚያውቀው ልጅ ሥራ ለቆ ዱባይ ገብቷል። በቴሌግራም ለመንነው። ማታ መለሰ፦

«እንዴ፣ እሱን እስካሁን አልጣላችሁትም? የድሮው ሎጎ ብቻ እኮ ነው ያለበት!»