እጩ ከመሰረዙ በፊት

የተማሪዎች ኅብረት ምርጫ አስመራጭ ኮሚቴ ሰብሳቢ ስሆን ሰው ሁሉ የፈራልኝ የድምፅ ቆጠራውን ነበር። ሳጥኑን ማን ይጠብቃል፣ ማን ይቆጥራል ምናምን። እኔን ያስጨነቀኝ ግን የእጩ ምዝገባው ነው። ቆጠራ ላይ ቢያንስ ታዛቢ አለ። ምዝገባ ላይ ጥቂት ሰዎች በር ዘግተው አንድ ስም ቢሰርዙ፣ መራጩ ያ ሰው መወዳደር መፈለጉን እንኳ ሳይሰማ ይቀራል።

ከደንቡ ጀመርኩ። «መልካም ሥነ ምግባር ያለው» የሚል መስፈርት አለው። ይሄ እንደ ላስቲክ ነው፤ የጎተተው ሁሉ ይለጥጠዋል። ደንብ መቀየር የእኛ ሥልጣን አይደለም። ስለዚህ እንዴት እንደምንረዳው ምዝገባው ሳይከፈት ጽፈን ለጠፍን፦ ጊዜው ያላለፈ፣ በጽሑፍ የተሰጠ የዲሲፕሊን ቅጣት የሌለበት ሁሉ ያልፋል። ሐሜት አይቆጠርም። ያው ጽሑፍ እጩዎቹ ከታወቁ በኋላ ቢወጣ ኖሮ «ለእገሌ ተብሎ ነው» መባሉ አይቀርም ነበር።

ቅጽ ላስረከበ ሁሉ ሰዓቱና የገጹ ብዛት የተጻፈበት ደረሰኝ ሰጠን። መዝጊያው የሚቆጠረውም በቢሮው ግድግዳ ሰዓት ነው አልን። ሳቁብን። በመጨረሻው ቀን ግን «ቀድሜ ነው ያስገባሁት» የሚል ጭቅጭቅ አልተነሳም።

ከአባላቱ አንዱ የአንድ ተወዳዳሪ የዶርም ጓደኛ ነበር። «እኔ እኮ አላዳላም» አለኝ። አመንኩት። ቢሆንም ለዚያ ወንበር የቀረቡት ቅጾች በሙሉ ሲታዩ ከክፍሉ እንዲወጣ አደረግን። የጓደኛው ቅጽ ሲታይ ብቻ መውጣቱ አይበቃም። ተፎካካሪን መጣልም ጓደኛን ማሳለፍ ነው።

ትልቁ ክርክር የተነሳው በአንዲት ተማሪ ቅጽ ላይ ነው። የደጋፊ ፊርማዎቿን ከሬጅስትራር ዝርዝር ጋር ስናመሳክር አንዱ የመታወቂያ ቁጥር ጠፋ። እሱ ከወደቀ ከሚፈለገው በአንድ ታንሳለች። «ደንብ ደንብ ነው፣ ትሰረዝ» ያለ ነበር። እኔ መጀመሪያ ትጠየቅ አልኩ። የትኛው መስመር ላይ ምን ችግር እንዳለ፣ እስከ መቼ መልስ እንደምንጠብቅ ጽፈን ላክንላት። መጥታ ወረቀቱን አየችና «ይሄ እኮ 1 ነው፣ 7 አይደለም» አለች። ፈራሚው መታወቂያውን ይዞ መጣ፤ ነገሩ እዚያው አለቀ።

ይሄ የእኛ ፈጠራ አይደለም። የካምብሪጅ ዩኒቨርሲቲ እ.ኤ.አ. በ1718 ሪቻርድ ቤንትሊ የሚባለውን ምሁር ቃሉን ሳይሰማ ዲግሪዎቹን ገፈፈው። ፍርድ ቤት ከዓመታት በኋላ እንዲመለስለት አዘዘ። ከዳኞቹ አንዱ ፎርቴስኪው፣ እግዚአብሔር እንኳ አዳምን «ወዴት ነህ?» ብሎ ሳይጠይቅ አልፈረደበትም ሲል አስታወሰ። ኮሚቴው ውስጥ ይህን ስናገር ማንም መልስ አልነበረውም።

መስማት ማለት ግን ሁሉን ማሳለፍ አይደለም። ሌላ እጩ ፊርማው ጎድሎበት ከመዝጊያው በኋላ አዳዲስ ሰዎች አስፈርሞ መጣ። እምቢ አልነው። በሰዓቱ የገባን ነገር ማጥራት ይቻላል፤ ያልገባን መጨመር አይቻልም። ምክንያቱን ከደንቡ አንቀጽ ጋር ጽፈን ሰጠነው። ይግባኙንም እኛ የሌለንበት አካል አይቶ ውሳኔያችንን አጸናው። ተናዷል፤ ሰላምታም ነስቶኛል። ግን «ለምን እንደወጣሁ አልተነገረኝም» ብሎ አያውቅም።

የድምፅ መስጫ ወረቀቱን ያሳተምነው ይግባኙ ካለቀ በኋላ ነው። የስሞቹን ቅደም ተከተል እጩዎቹ ባሉበት በዕጣ ለየን፤ ከላይ መጻፍ ትንሽም ቢሆን ይጠቅማልና። ለተተኪው ኮሚቴ ፋይሉን ሳስረክብ አንድ ማስታወሻ አያይዣለሁ፦ የይግባኝ ቀኖቹን ከፈተና ሳምንት ጋር አታጋጥሟቸው።