የወንድማማቾቹ ድምፃዊት

ጃንዋሪ 1፣ ከሌሊቱ 9 ሰዓት። ሜሪላንድ ሲልቨር ስፕሪንግ ባንዳችን ከተጫወተበት አዳራሽ አሁን ገና መግባቴ ነው። እኩለ ሌሊት ሲቃረብ እንደ ልማዳችን ሙዚቃውን አቁመን የአዳራሹን ቴሌቪዥን ከፈትን። ኒውዮርክ ታይምስ ስኩዌር ላይ የብርሃኗ ኳስ ወርዳ እንዳበቃች ያ የሚንቀጠቀጥ የሳክስፎን ድምፅ መጣ፤ የጋይ ሎምባርዶ የዳንስ ኦርኬስትራ። ጋይ ከሞተ ከ1977 (እ.ኤ.አ.) ወዲህ ስንት ዘመን አለፈ፣ ቀረጻው ግን ዛሬም አዲሱን ዓመት ይቀበላል። ሰው ሲተቃቀፍ እኔ ማይኬን እንደያዝኩ ቀረሁ።

የሎምባርዶ ወንድማማቾችን ታሪክ ካነበብኩ ወዲህ ይህን ድምፅ እንደ ድሮው መስማት አልቻልኩም። አባታቸው ከጣልያን ወደ ካናዳ የተሰደደ ልብስ ሰፊ ነበር፤ ኦንታሪዮ ውስጥ ለንደን በምትባል ከተማ ይኖር ነበር። መዝፈን ነፍሱ ነው። ከ5 ወንዶች ልጆቹ 4ቱን መሣሪያ ያስተማራቸው ለሌላ አይደለም፣ ሲዘፍን የሚያጅበው እንዲያገኝ ነው። ከዚያ ቤት ጋይ መሪ ሆኖ ወጣ፣ ካርመን በሳክስፎንና በድምፅ፣ ሌበርት በትራምፔት፣ ቪክተር ደግሞ ኋላ ተከተለ። ከ1929 ጀምሮ ኒውዮርክ ሩዝቬልት ሆቴል ለ30 ዓመት ያህል ሰው ሲያስደንሱ ኖሩ።

እኔ የማስበው ግን ስለ ኬኒ ጋርድነር ነው። በ1940 ድምፃዊ ሆኖ ገባ፤ ከወንድማማቾቹ አንዱ አልነበረም፤ በኋላ እህታቸውን ኢሌንን አገባ። ለሁለተኛው የዓለም ጦርነት ዘምቶ ተመልሶም እዚያው ቦታው ላይ ቆመ። በዳንስ ኦርኬስትራ ውስጥ የድምፃዊ ሥራ ምን እንደሆነ የሚያውቅ ያውቀዋል። መሣሪያዎቹ ዜማውን ይጫወታሉ፣ አንተ ተራህን ትጠብቃለህ፣ መሀል ላይ ተነስተህ አንድ ዙር ትዘፍናለህ፣ ትቀመጣለህ። ቃሉን ላስረዝመው ብትል ወለሉ ላይ ያለው ጥንድ እግሩ ይሳሳታል። ሎምባርዶዎች ደግሞ ምታቸውን የማያዛንፉ ነበሩ። ብዙ ሐያሲ ለዚህ ናቃቸው፤ ታላቁ የጃዝ ሙዚቀኛ ሉዊ አርምስትሮንግ ግን ይወዳቸው ነበር፤ እኔ ከአርምስትሮንግ ጋር ነኝ። ሰው ሳይሳቀቅ እንዲደንስ አድርጎ መጫወት ትልቅ ችሎታ ነው።

በዚያው 1940 ዘፋኙ ፍራንክ ሲናትራ የቶሚ ዶርሲን ባንድ ተቀላቀለ። ቶሚ ከወንድሙ ከጂሚ ጋር አንድ ኦርኬስትራ ነበራቸው። በ1935 መድረክ ላይ በአንድ ዘፈን ፍጥነት ተጣሉና ቶሚ ጥሎ ወጣ። ሲናትራ ከቶሚ ትሮምቦን የትንፋሽ አያያዝ ተማረ፣ በ1942 ለብቻው ሊዘፍን ወጣ፣ የቀረውን ዓለም ያውቀዋል። ኬኒ ቀረ። ማነው የተሻለውን የመረጠ? ሁለት ሳምንት ሙሉ ይህንኑ ሳወጣና ሳወርድ ከረምኩ።

ምክንያቱም እኔም ሦስት ወንድማማቾች በሚመሩት የሠርግ ባንድ ውስጥ 11 ዓመቴ ነው። ‹‹እስከ መቼ የሰው ቤት ትዘፍኛለሽ፣ ለብቻሽ አልበም ሥሪ›› ያላለኝ የለም። ባለፈው ሳምንት ልምምድ ላይ ሁለቱ ታናናሾች ልክ እንደ ዶርሲዎች በአንድ ጉራጊኛ ፍጥነት ተጣሉ። ከእናታቸው ቤት የመጣ ቂም ሁሉ ወጣ። እኔ መሀላቸው ቆሜ ግጥሙን የያዝኩበትን ወረቀት አጥፌ ዘርግቼ፣ አጥፌ ዘርግቼ... የእህት ያህል ነሽ ይሉኛል፤ በዚያች ሰዓት ግን እህት አለመሆኔ ቁልጭ ብሎ ታየኝ። ያን ቀን ‹‹በቃ እወጣለሁ›› ብዬ ነው የተኛሁት።

ዛሬ ማታ ዕቃ ጭነን ስናበቃ ታላቅየው፣ ጋሼ የምለው፣ እስከ ቤቴ አደረሰኝ። መንገድ ላይ ብዙም አላወራንም። በሩ ጋ ሲደርስ ሞተሩን ሳያጠፋ፣ ‹‹ቅዳሜ መልስ አለብን። ያንን ትዝታ ግማሽ ድምፅ ዝቅ አድርጌ እጫወተዋለሁ። ከኅዳር ጀምሮ ላይኛው ላይ እየከበደሽ ነው›› አለኝ።

ለማንም አልተናገርኩም ነበር።