ከሮማን ካርመን ጋር የዋለ ከሰዓት

ዛሬ የከሰዓቱን ሥራ ትቼ፣ በ1942 እ.ኤ.አ. በጀርመን ጦር በተከበበችው የሶቪየት ከተማ ሌኒንግራድ የተቀረጸ ፊልም ሳይ ዋልኩ። አንዱ ምስል ከዓይኔ አልጠፋም፤ በጨርቅ ተጠቅልሎ በገመድ የታሰረ አስከሬን፣ በልጆች የበረዶ መንሸራተቻ ላይ፣ ጭር ባለ ሰፊ ጎዳና ሲጎተት። ጎታቹ ራሱ መቆም ያቃተው ነው።

ከቀረጹት አንዱ ሮማን ካርመን ነው። ኦዴሳ የተወለደው ይህ ሰው በ1923 «ኦጎንዮክ» ለተባለው መጽሔት ፎቶ ማንሳት ጀመረ፤ በሞስኮ የሲኒማ ትምህርት ቤት ተምሮም የዜና ፊልም ቀራጭ ሆነ። በ1936 የስፔንን የእርስ በርስ ጦርነት፣ ኋላም በስታሊንግራድ የተማረከውን የጀርመን ጦር አዛዥ ፓውሉስን፣ ከዚያም የናዚ መሪዎች የተዳኙበትን የኑረምበርግን ችሎት አሳየን። ጋዜጠኝነቱ ግን አልተወውም። ካሜራው ጄኔራሎቹን ብቻ አይከተልም፤ ወረፋ የቆመችውን ሴት፣ ከበረዶ ቀዳዳ ውኃ የሚቀዳውን ሰው ፈልጎ ያገኛል። እኔ የምወደውም ይህንን ነው።

የሚከፋኝም አለ። በ1954 ቬትናም ሲደርስ ቬትናሞች ፈረንሳዮችን ያሸነፉበት የዲየን ቢየን ፉ ውጊያ አብቅቶ ስለነበር፣ ትዕይንቱን ወታደሮች ደግመው እንዲሠሩት አደረገ። ምስሉ ዛሬም እንደ እውነተኛ ውጊያ ይታያል። ያን የሌኒንግራድ ምስል የቀረጸ ሰው ይህን ማድረግ አልነበረበትም፤ ስለማከብረው ነው የምቆጨው።

ፊልሙ ሲያልቅ መሽቶ ነበር። ተነሥቼ ከማሰሮው ውኃ ቀዳሁና እስክረካ ጠጣሁ። ያ ቀዳዳና ያ ባልዲ ግን አሁንም ፊቴ ላይ ናቸው።