የአየር ሕግን ከበረራ ፈቃድ ጠረጴዛ ላይ እንደተማርኩት

ዓለም አቀፍ የአየር ሕግን የተማርኩት በሕግ ትምህርት ቤት አይደለም። በአንድ አየር መንገድ የበረራ ፈቃድ ክፍል ስመደብ የተሰጠኝ ሥራ አውሮፕላኖቻችን የሚያቋርጧቸውን አገሮች ፈቃድ መጠየቅ፣ መልሱን መከታተልና ለበረራ ኦፕሬሽን ማስተላለፍ ነበር። ከሩቅ ሲታይ ቅጽ መሙላት ነው፦ የአውሮፕላኑ ዓይነት፣ የምዝገባ ምልክቱ፣ የጥሪ ስሙ፣ መነሻና መድረሻው፣ ወደ አየር ክልሉ የሚገባበትና የሚወጣበት ነጥብ ከነሰዓቱ፣ የበረራው ዓላማ። ቅጹ ግን ጥያቄ ይወልዳል። ይህኛው አገር ለወቅቱ በሙሉ አንድ ጊዜ ይፈቅዳል፤ ያኛው ለእያንዳንዱ በረራ ማመልከቻ ይጠይቃል። ለመደበኛው በረራ የተሰጠው ፈቃድ ለቻርተር፣ ማለትም መርሐ ግብር ለሌለው የኪራይ በረራ፣ አያገለግልም። ለምን እንደሆነ ስጠይቅ የማገኘው መልስ «አሠራሩ ነው» የሚል ነበር። አሠራር ደግሞ መነሻ አያጣም ብዬ ፍለጋ ገባሁ። (ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ቀናትና ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

መጀመሪያ እጄ የገቡት አጫጭር ማጠቃለያዎች ነበሩ። ስምምነቶቹን በዓመታቸው ይደረድሯቸዋል፤ ዋርሶ 1929፣ ቺካጎ 1944፣ ቶኪዮ 1963፣ ሔግ 1970፣ ሞንትሪያል 1971፣ እንደገና ሞንትሪያል 1999፣ ቤይጂንግ 2010። በዚህ መንገድ የተማረ ሰው ሁለቱን ሞንትሪያሎች ከማደባለቅ አይድንም፤ አንዱ አውሮፕላን ላይ ፈንጂ ስለሚያጠምድ ሰው፣ ሌላው ስለጠፋ ሻንጣ እንደሚናገር ዓመቱ አይነግረውም። ስለዚህ ድርደራውን ትቼ ለእያንዳንዱ ስምምነት አንድ ጥያቄ ብቻ ማቅረብ ጀመርኩ፦ እዚህ ውስጥ የሚፋጠጡት ማንና ማን ናቸው? አገር ከአገር ከሆነ ጉዳዩ የቺካጎና የተከታዮቹ ነው። መንገደኛ ወይም ዕቃ ላኪ ከአየር መንገድ ከሆነ የዋርሶና የ1999ኙ ሞንትሪያል ነው። ወንጀለኛ ከመንግሥት ከሆነ ቶኪዮ፣ ሔግ፣ የ1971ዱ ሞንትሪያልና ቤይጂንግ አሉ። ከሦስቱ ውጭ የሚቀሩም አይጠፉም፤ በአውሮፕላን ላይ ስለሚኖር የመያዣ መብት የሚደነግገው የ2001ዱ የኬፕታውን ስምምነት ለምሳሌ የአበዳሪዎችና የአከራዮች ጉዳይ ስለሆነ አለፍኩት።

ሁለተኛው ውሳኔዬ ማጠቃለያውን አስቀምጬ ዋናውን ጽሑፍ ማንበብ ነበር። የቺካጎ ኮንቬንሽን 96 አንቀጾች ብቻ ናቸው፤ በአንድ ምሽት ተነብቦ ያልቃል። ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ገና ሳያበቃ፣ በኖቬምበር 1944፣ የ54 አገሮች ተወካዮች ቺካጎ ላይ ተሰበሰቡ፤ ዲሴምበር 7 ቀን 52ቱ ፈረሙ፤ ስምምነቱ በኤፕሪል 1947 ጸና። ዛሬ 193 አገሮች የታቀፉበትን፣ መቀመጫው ሞንትሪያል የሆነውን ዓለም አቀፍ የሲቪል አቪዬሽን ድርጅት (ኢካኦን) የወለደውም ይኸው ሰነድ ነው።

አንቀጽ 1 የሥራዬን ግማሽ ያስረዳል። እያንዳንዱ አገር ከግዛቱ በላይ ባለው አየር ላይ ሙሉና ብቸኛ ሉዓላዊነት አለው። ይህ በቺካጎ የተፈጠረ ሐሳብ አይደለም፤ የ1919ኙ የፓሪስ ስምምነትም ብሎታል። ከዚህ ከተነሳን የሰው አየር ያለፈቃድ ማቋረጥ የሰው ግቢ ያለፈቃድ እንደ ማቋረጥ ነው፤ ቀሪው ሕግ ፈቃዱ በምን መልክ ይሰጥ የሚለውን ይተነትናል።

ስለ ቻርተር የነበረኝን ጥያቄ የመለሱልኝ አንቀጽ 5 እና አንቀጽ 6 ናቸው፤ መልሱም አስገርሞኛል። አንቀጽ 6 መርሐ ግብር ያለው መደበኛ በረራ ያለ ልዩ ፈቃድ አይገባም ይላል። አንቀጽ 5 ደግሞ መርሐ ግብር የሌለው በረራ አስቀድሞ ፈቃድ ሳይጠይቅ ማለፍና ለነዳጅ ማረፍ እንደሚችል ይናገራል። በወረቀት ላይ ቻርተሩ ነጻ፣ መደበኛው እስረኛ ነው ማለት ነው። በጠረጴዛዬ ላይ የማየው ግን ተገላቢጦሽ ነበር። ምክንያቱ ሁለት ነው፤ አንቀጽ 5 ራሱ ለአገሮች ገደብ የሚጥሉባቸውን በርካታ መብቶች ስለሰጠ ብዙዎቹ እነሱን ተመርኩዘው ከቻርተር ሁሉ ፈቃድ ይጠይቃሉ፤ መደበኛው በረራ በበኩሉ በሌሎች ስምምነቶች መንገዱ ተጠርጎለታል። ሕጉን ብቻ ያነበበ ሰው ይህን አይጠረጥርም፤ ሥራውን ብቻ የሠራ ሰው ደግሞ ምክንያቱን አያውቀውም።

መንገዱን የጠረጉት «የአየር ነጻነቶች» የሚባሉት ናቸው። ስማቸውን መሸምደድ ዋጋ የለውም፤ እኔ ወረቀት ላይ ሦስት ክብ ስዬ ነው የተረዳኋቸው። ሀ የአየር መንገዱ አገር ነው፣ ለ እና ሐ የውጭ አገሮች። በለ ላይ ሳያርፉ ማለፍ የመጀመሪያው ነው። በለ ለነዳጅ ወይም ለጥገና ብቻ ማረፍ ሁለተኛው። ከሀ ወደ ለ መንገደኛ ማድረስ ሦስተኛው፤ ከለ ወደ ሀ ማምጣት አራተኛው። ከሀ ተነስቶ በለ አርፎ፣ ከለ መንገደኛ ጭኖ ወደ ሐ መቀጠል አምስተኛው ነው፤ ድርድር ላይ ጠረጴዛ የሚያስደበድበው ይህ ነው፤ ምክንያቱም የ«ለ»ንና የ«ሐ»ን አየር መንገዶች ገበያ ይነካል። የ«ለ»ን መንገደኛ በሀ በኩል አገናኝቶ ወደ ሐ መውሰድ ስድስተኛ ይባላል፤ በትልልቅ መገናኛ ጣቢያዎች የሚኖሩ አየር መንገዶች እንጀራቸው እሱ ነው። በአንድ የውጭ አገር ሁለት ከተሞች መካከል ማጓጓዝ፣ ማለትም ካቦታጅ፣ በአንቀጽ 7 መሠረት አገሩ ሊከለክለው የሚችል ነው፤ አብዛኞቹም ይከለክሉታል።

ከቺካጎ ጉባኤ ጎን ለጎን የተፈረመው የትራንዚት ስምምነት የመጀመሪያዎቹን ሁለት ነጻነቶች ለአባሎቹ በጅምላ ይሰጣል። ሰፊ ሰማይ ያላቸው ሩሲያና ካናዳ ግን አባል አይደሉም፤ ካናዳ በ1988 ነው የወጣችው። አምስቱንም በአንድነት ሊሰጥ የታሰበው ሌላኛው ስምምነት ጥቂት አገሮችን ብቻ ይዞ ቀረ። ስለዚህ ከሦስተኛው ወዲያ ያለው በአብዛኛው የሁለትዮሽ ድርድር ውጤት ነው። አሜሪካና ብሪታንያ በ1946 ቤርሙዳ ላይ የፈረሙት ለረጅም ጊዜ አርአያ ሆኖ ቆየ፤ አሜሪካና ኔዘርላንድስ በ1992 የተዋዋሉት «ክፍት ሰማይ» ደግሞ ሌላ ዘመን ከፈተ። የምሠራበትን መስመር የሁለትዮሽ ስምምነት ፈልጌ ማንበቤ ከየትኛውም ማጠቃለያ በላይ ጠቅሞኛል፤ የትኛው ነጥብ እንደተፈቀደ፣ በሳምንት ስንት በረራ እንደሚቻል ቁልጭ ብሎ ተጽፏል።

ሕጉ በእጅ ሊዳሰስ እንደሚችል ያሳየኝ አንድ የመስመር ጥገና ባለሙያ ነው። የቆመ አውሮፕላን ውስጥ አስገብቶኝ ከኮክፒቱ መደርደሪያ ጠርዙ የተላላጠ የሰነድ ማህደር አወጣ። የምዝገባ ምስክር ወረቀት፣ የበረራ ብቁነት ምስክር ወረቀት፣ የሬዲዮ ፈቃድ፣ የጉዞ መዝገብ። አንቀጽ 29 በዝርዝር የሚጠራቸው እነዚሁ ናቸው፤ የአብራሪዎቹ ፈቃድ፣ የመንገደኞች ስም ዝርዝርና የጭነት ማኒፌስት ሲጨመሩ ሙሉ ይሆናል። ማህደሩ ውስጥ አንድ ያልጠበቅሁት ወረቀትም ነበር፤ አውሮፕላኑ የኪራይ ስለሆነ የተመዘገበበት አገር የቁጥጥር ኃላፊነቱን ለአየር መንገዱ አገር ያስተላለፈበት ስምምነት ቅጂ። አንቀጽ 17 እና 18 አውሮፕላን የተመዘገበበት አገር ዜግነት እንዳለውና በአንድ ጊዜ በሁለት አገር ሊመዘገብ እንደማይችል ይደነግጋሉ፤ ኪራይ ሲስፋፋ ግን መዝጋቢው አገር በዓይኑ የማያየውን አውሮፕላን ተቆጣጠር ተባለ። ይህን ለማቃለል በ1980 አንቀጽ 83 ቢስ ተጨመረ («ቢስ» በላቲን «ሁለተኛ ጊዜ» ማለት ነው፤ ከነባሩ አንቀጽ ቀጥሎ የገባ ለማለት ነው)፤ የጸናው በ1997 ነው። ከዚያ ወዲህ አዲስ ሠራተኛ ሲመጣ ከመጽሐፍ በፊት ማህደሩን አሳየዋለሁ።

አዲስ ሰው ሁሉ የሚሳሳትበት አንድ ነገር አለ፤ የበረራ መረጃ ክልልን፣ ማለትም የአንድ አገር ተቆጣጣሪዎች በረራዎችን የሚያስተናግዱበትን የአየር ክልል፣ ከግዛት ጋር ማምታታት። የአንድ አገር ተቆጣጣሪዎች ከባሕር ዳርቻቸው በጣም ርቀው ውቅያኖስ ላይ ያሉ አውሮፕላኖችን ሊያስተናግዱ ይችላሉ፤ ሉዓላዊነታቸው ግን ከ12 ኖቲካል ማይል የባሕር ክልላቸው አያልፍም። ከዚያ ወዲያ የሚሠራው አገልግሎት እንጂ ባለቤትነት አይደለም። በዚያ ባሕር ላይ የሚገዛው የበረራ ደንብ በአንቀጽ 12 መሠረት ከስምምነቱ የሚመነጨው፣ በአባሪ 2 የተቀመጠው ነው፤ ማንም አገር «እኔ በዚህ እለያለሁ» ማለት አይችልም። በራሱ ግዛት ግን ይችላል። ኢካኦ 19 አባሪዎች አሉት፤ በውስጣቸው ያሉትን ደረጃዎች መፈጸም የማይችል አገር ልዩነቱን በአንቀጽ 38 መሠረት ማሳወቅ አለበት። አባሪውን አንብቦ የአገሩን ልዩነት ያላየ ሰው ግማሹን ነው ያነበበው።

ስለ አንቀጽ 3 ቢስ ሳልናገር አላልፍም። ሴፕቴምበር 1 ቀን 1983 የሶቪየት ተዋጊ አውሮፕላን ከመስመሩ የወጣ የኮሪያ የመንገደኞች አውሮፕላን መትቶ ሲጥል 269 ሰዎች አለቁ። በቀጣዩ ዓመት አገሮች ተሰብስበው በበረራ ላይ ባለ ሲቪል አውሮፕላን ላይ መሣሪያ ከመጠቀም መቆጠብ እንዳለባቸው ጻፉ። አንቀጹ የጸናው ግን በኦክቶበር 1998 ነው። ሁሉም የተስማማበትን ነገር ለማጽደቅ ያን ያህል ዓመት መፍጀቱ፣ የፊርማን ቀን ከመጽኛ ቀን ለይቼ መመዝገብን አስተማረኝ። ማስታወሻ ደብተሬ ላይ ለእያንዳንዱ ስምምነት ሁለት ቀን አለ፤ ሦስተኛ ዓምድ ደግሞ መስመሮቻችን የሚነኳቸው አገሮች አጽድቀውት እንደሆነ ያሳያል።

የመንገደኛውን ሕግ የተማርኩት የሻንጣ ቅሬታ ክፍል ያሉ ባልደረቦቼ ጋር ቁጭ ብዬ ነው። መጀመሪያ የሚያዩት ቲኬቱን ነው። አንድ መንገደኛ ከአገር ውስጥ ከተማ ተነስቶ፣ በዋና ከተማው አውሮፕላን ቀይሮ፣ ወደ ውጭ በአንድ ቲኬት ከተጓዘ፣ ሻንጣው የጠፋው በአገር ውስጡ ክፍል ቢሆንም ጉዞው ዓለም አቀፍ ነው፤ የሚታየው የውሉ መነሻና መድረሻ ነው። ደርሶ መልስ ከሆነ መድረሻው ያው መነሻው ነው፤ ስለዚህ የሄደበት አገር የ1999ኙ የሞንትሪያል ኮንቬንሽን አባል ባይሆንም የተነሳበት አገር አባል ከሆነ ያው ኮንቬንሽን ይገዛዋል። ይህን ስሰማ ወደዚሁ ኮንቬንሽን አንቀጽ 1 ተመልሼ ደግሜ አነበብኩት፤ ልክ ናቸው።

ከዚያ የጊዜ ገደብ ይመጣል። የተጎዳ ሻንጣ ከተረከቡበት ቀን ጀምሮ በ7 ቀን፣ የዘገየ ሻንጣ በ21 ቀን ውስጥ በጽሑፍ ቅሬታ ሊቀርብበት ይገባል፤ 21 ቀን ያልመጣ እንደጠፋ ይቆጠራል። ፍርድ ቤት ለመሄድ ያለው ጊዜ 2 ዓመት ነው። የገንዘብ ጣሪያው የሚለካው የዓለም የገንዘብ ድርጅት ኤስዲአር በሚለው መለኪያ ነው፤ ከዲሴምበር 28 ቀን 2024 ጀምሮ ለሻንጣ 1,519፣ ለመንገደኛ መዘግየት 6,303 ነው። ለሞትና ለአካል ጉዳት የተቀመጠው 151,880 ግን ጣሪያ አይደለም፤ እስከዚያ ድረስ አየር መንገዱ ጥፋት የለብኝም ብሎ አያመልጥም፤ ከዚያ በላይ ለተጠየቀው ግን ቸልተኛ እንዳልነበረ ካስረዳ ነጻ ይወጣል። አሁንም 1,131 ወይም 1,288 የሚሉ ጽሑፎች ይዞራሉ፤ በየዘመናቸው ትክክል ነበሩ። ጣሪያው በየ5 ዓመቱ ስለሚከለስ ቁጥር የያዘ ጽሑፍ ሳነብ ዓመቱን አስቀድሜ አያለሁ።

የወንጀሉን ክፍል እስከ መጨረሻ ያቆየሁት በሥራዬ እምብዛም ስለማይገጥመኝ ነው። ሔግ ለጠለፋ፣ የ1971ዱ ሞንትሪያል ለጥፋትና ለፈንጂ፤ ሁለቱም የያዙትን ሰው ወይ አሳልፈህ ስጥ ወይ ለፍርድ አቅርብ ይላሉ። የሚያከራክረው የቀን ተቀኑ ጉዳይ፣ የሚረብሽ መንገደኛ ነው። ለአዳዲስ ባልደረቦቼ የምሰጣቸው ጥያቄ ይኸው ነው፦ በአንድ አገር ተመዝግቦ፣ ያለ ሠራተኛ ለሌላ አገር አየር መንገድ የተከራየ አውሮፕላን በውቅያኖስ ላይ ሲበር አንድ መንገደኛ የበረራ አስተናጋጇን መታ፤ አውሮፕላኑ ሦስተኛ አገር አረፈ። ማን ይከሰው?

በ1963ቱ ቶኪዮ መሠረት ካፒቴኑ ሰውየውን ማሰርና ሲያርፍ ለባለ ሥልጣናት ማስረከብ ይችላል፤ የመዳኘት ሥልጣን የታወቀለት ግን የተመዘገበበት አገር ነው። ያ አገር በጉዳዩ ምንም የለውም፤ ያረፈበት አገር ፖሊስ ደግሞ ሥልጣን የለኝም ብሎ ይለቀዋል። በዚህ መንገድ ብዙዎች እየሳቁ ወጥተዋል። ቶኪዮን ለማሻሻል በ2014 ሞንትሪያል ላይ የተፈረመው ፕሮቶኮል ጥፋተኛው አብሮ ላረፈበት አገርና እንዲህ ባለው ኪራይ ለተከራዩ አየር መንገድ አገር ሥልጣን ጨመረ፤ ከጃንዩወሪ 1 ቀን 2020 ጀምሮም ጸንቷል። የሚያስረው ግን ያጸደቁትን ብቻ ነው። ስለዚህ ለጥያቄዬ ትክክለኛው መልስ የአገር ስም አይደለም፤ «ሦስቱ አገሮች ፕሮቶኮሉን አጽድቀዋል?» ብሎ መልሶ የሚጠይቀኝ ሠራተኛ ሙሉ ነጥብ ያገኛል።