ፋስቢንደርን በተራ ማየት፦ እስካሁን የያዝኩት

ሰላም ናችሁ ወዳጆች! የአንድ ዳይሬክተር ሥራዎችን ከመጀመሪያው ጀምሬ በተራ እያየሁ፣ ከእያንዳንዱ አንድ ነገር ወስጄ በስልኬ እየቀረጽኩ እየተለማመድኩ ነው። የመረጥኩት ጀርመናዊውን ራይነር ቬርነር ፋስቢንደርን ነው። አሁን ወደ መጨረሻዎቹ ሥራዎቹ ተጠግቻለሁ።

ለማታውቁት በአጭሩ፦ የተወለደው ግንቦት 1945 (በአውሮፓውያን አቆጣጠር) ባቫሪያ ውስጥ ነው፤ ጦርነቱ አውሮፓ ላይ ባበቃበት ወር። በርሊን ያለው የፊልም ትምህርት ቤት አልተቀበለውም። ሙኒክ ውስጥ ከአንድ ትንሽ የቲያትር ቡድን ጋር ገጠመ። የመጀመሪያ ረጅም ፊልሙን በ1969 አወጣ። በ1982፣ በ37 ዓመቱ፣ አደንዛዥ ዕፅና የእንቅልፍ መድኃኒት ተደራርበውበት ሞተ። በመሃል ያሉት 13 ዓመታት ብቻ ናቸው። በነሱ ውስጥ የቴሌቪዥኑን ጨምሮ ከ40 በላይ ሥራዎች ሠርቷል፤ ቲያትሩ ሳይቆጠር።

ስለሱ ሲወራ ሁሌም የሚነሳው ፍጥነቱ ነው። በተራ ሳያቸው ግን ልቤን የያዘው ሌላ ነገር ሆነ። ይህ ሰው እጥረቱን አይደብቅም። ጠባብ ክፍል፣ ትንሽ ባጀት፣ ጥቂት ቀናት፤ እነዚህኑ ታሪኩን እንዲነግሩለት ያደርጋል። ቤታችን ውስጥ ለምንቀርጽ ሰዎች ይህ ትልቅ ትምህርት ነው።

የመጀመሪያው ፊልም «ፍቅር ከሞት ይቀዘቅዛል» ይባላል። በርሊን ፌስቲቫል ላይ ተመልካቹ ጮኾበታል። እውነቱን ለመናገር ከባድ ነው። ነጭ ግድግዳ፣ የማይንቀሳቀስ ካሜራ፣ ብዙ ዝምታ። ግን ሱፐርማርኬት ውስጥ ሁለት ሰዎች ዕቃ እየሰረቁ ሲዞሩ ካሜራው እየተከተላቸው የሚሄድበትን ቦታ ደጋግሜ አይቼዋለሁ። እንዲህ ያለ ነገር ለመቅረጽ ጋሪ የሚገፋ ሰው ይበቃል።

«የፔትራ ፎን ካንት መራራ እንባ» (1972) ደግሞ ከዳር እስከ ዳር አንድ ቤት ውስጥ ነው። ቀረጻው 10 ቀን ነው የፈጀው። ወንድ ተዋናይ የለም። ወንዶች ያሉት ግድግዳውን በሞላው ትልቅ ሥዕል ላይ ብቻ ነው። ኢርም ኸርማን የምትጫወታት ረዳት ማርሌነ አንድም ቃል አትናገርም። ታይፕ ትመታለች፣ ትቆማለች፣ ታያለች። እመቤቷ ፔትራ ስታለቅስ የኔ ዓይን ግን ከኋላ ወደቆመችው ማርሌነ ይሄዳል። የካሜራ ባለሙያው ሚካኤል ባልሃውስ ነው፤ ኋላ ሆሊውድ ሄዶ ከማርቲን ስኮርሴዚ ጋር የሠራው።

ከሁሉም ብዙ የቆየሁት «ፍርሃት ነፍስን ይበላል» (1974) ላይ ነው። ኤሚ ባሏ የሞተባት፣ ዕድሜዋ የገፋ የሙኒክ ጽዳት ሠራተኛ ናት። አሊ በዕድሜ በጣም የምትበልጠው ሞሮኳዊ ሠራተኛ ነው። ይጋባሉ። ከዚያ ጎረቤት፣ ባለሱቅ፣ ልጆቿ፣ ሁሉም ፊቱን ያዞርባቸዋል።

ኤሚ ልጆቿን ሰብስባ አሊን ስታስተዋውቅ ያለውን ትዕይንት በደንብ እዩት። ማንም አይናገርም። ካሜራው ከአንዱ ፊት ወደ ሌላው ቀስ ብሎ ያልፋል። ከዚያ አንዱ ልጅ ይነሳና ቴሌቪዥኑን በእርግጫ ይሰብረዋል። ከልጆቿ መሃል የተቀመጠው ነገረኛ አማች ራሱ ፋስቢንደር ነው። ሌላም አለ። ፍቅረኞቹን ብዙ ጊዜ የምናያቸው በበር ቋፍ በኩል ወይም ከደረጃው ብረት ጀርባ ነው። ሰፊ ቤት የለም፤ ስለዚህ ካሜራው ኮሪደር ላይ ይቆማል። በሩ ራሱ ፍሬም ይሆናል። ሰዎቹም የታሰሩ ይመስላሉ። ይህን እኔም ሞከርኩት። ስልኩን ከክፍሉ ውጭ አቆምኩና እህቴ ቡና ስታፈላ በበሩ በኩል ቀረጽኳት። ያው የምናውቀው ሳሎን ሌላ ቤት መሰለ። ሞክሩት፣ ምንም ወጪ የለውም።

መጨረሻ አካባቢ ሐኪሙ የአሊን የጨጓራ ቁስለት ሲያስረዳ፣ በውጭ አገር ሠራተኞች ላይ የተለመደ መሆኑን ይናገራል። ጭንቀቱ ነው የሚያመጣው፤ ቢድንም ተመልሶ ይመጣል። ከአገር ወጥታችሁ ሰው ቤት የምትሠሩ ብዙዎቻችሁ ይህን ስትሰሙ የምትሉት እንደሚኖር አውቃለሁ።

ሰውየውን ላሞግስ ብቻ አልፈልግም። አብረውት የሠሩ ሰዎች ያንገላታቸው እንደነበር በአደባባይ ተናግረዋል። አሊን የተጫወተው ኤል ሄዲ ቤን ሳሌም የፋስቢንደር ፍቅረኛ ነበር፤ ኋላ ፈረንሳይ እስር ቤት ውስጥ ሞተ። ፋስቢንደር የመጨረሻ ፊልሙን ለሱ መታሰቢያ አድርጎታል። ይህን ካወቅኩ በኋላ «ፍርሃት ነፍስን ይበላል»ን እንደ ድሮው ማየት አልቻልኩም።

ስለ ድምፅ የተማርኩት ከ«ማሪያ ብራውን ጋብቻ» (1979) ነው። መጨረሻውን ማወቅ የማትፈልጉ ይህን አንቀጽ ዝለሉት። ራዲዮው ሁሌ ከኋላ አለ። መራሔ መንግሥቱ አደናወር ጀርመን ዳግም አትታጠቅም ሲል እንሰማዋለን። ቆየት ብሎ ደግሞ መታጠቅ መብታችን ነው ይላል። በፊልሙ ውስጥ ልብ ብሎ የሚያዳምጠው ሰው የለም። መጨረሻ ላይ የ1954ቱ የዓለም ዋንጫ ፍጻሜ በራዲዮ ይተላለፋል፤ ጀርመን ሃንጋሪን 3 ለ 2 ያሸነፈችበት። ኮሜንታተሩ እየጮኸ የፊልሙ ባለታሪክ ማሪያ ሲጋራዋን ልትለኩስ ወደ ጋዝ ምድጃው ትሄዳለች። ጋዙ አልተዘጋም። ቤቱ ይፈነዳል፤ የኮሜንታተሩ የድል ጩኸት ግን ይቀጥላል። አገሪቱና ሴትዮዋ የደረሱበት ቦታ አንድ ላይ ይሰማል። ሙዚቃ ከመፈለጌ በፊት አሁን ክፍሉ ውስጥ ምን ይሰማል ብዬ እጠይቃለሁ። ታክሲ ጥሪ፣ የጎረቤት ቴሌቪዥን፣ ቅዳሴ።

አሁን «በርሊን አሌክሳንደርፕላትስ»ን ጀምሬያለሁ። ከአልፍሬድ ዶብሊን ልብ ወለድ የተሠራ የ1980 የቴሌቪዥን ሥራ ነው። 14 ክፍል አለው፣ ከ15 ሰዓት በላይ። ያኔ ብዙ ተመልካች ምስሉ ጨልሟል ብሎ አማሮ ነበር። እኔ የምፈልገው ያንን ጨለማ ነው። ስለዚህ የሚቀጥለው ልምምዴ በአንድ የጠረጴዛ መብራት ብቻ፣ መጋረጃ ዘግቼ፣ ሁለት ሰው እራት ሲበላ መቅረጽ ነው። ስልኩ ብርሃኑን በራሱ እንዳይጨምር ኤክስፖዠሩን (ካሜራው የሚያስገባውን የብርሃን መጠን) መቆለፍ አለብኝ።